አንባቢው አጻፊ ሲሆን፦ የሜዲያፓር አመሠራረትና የደንበኝነት ክፍያ ታሪካዊ ትርጉም

1. መግቢያ

በግዕዝ የብራና መጻሕፍታችን መደምደሚያ ላይ ዘወትር የሚገኝ አንድ የምርቃት ልማድ አለ። መጽሐፉን የጻፈውን፣ ያጻፈውን፣ ያነበበውንና የሰማውን ፈጣሪ በአንድነት እንዲምራቸው የሚለምን ነው። ይህ ልማድ ለሥነ ጽሑፍ አጥኚ ከጸሎትነቱ ባሻገር ሌላ ቁም ነገር ይዟል፤ በአንድ ጽሑፍ ዙሪያ የሚቆሙትን ሰዎች ለይቶ ያስቀምጣል። ጸሐፊው ብርዑንና ቀለሙን የያዘው ነው። አጻፊው ብራናውን ያቀረበው፣ የጸሐፊውን ቀለብና የድካም ዋጋ የቻለው ነው። አንባቢውና ሰሚው ከሁለቱ በኋላ ይመጣሉ። በጸሎቱ መካከል ስሙ የሚገባው ብዙውን ጊዜ የአጻፊው ነው፤ መጽሐፉ በሽያጭ ወይም በስጦታ ወደ ሌላ እጅ ሲያልፍ የቀድሞው ባለቤት ስም ተፍቆ የአዲሱ ስም በቦታው እንደ ተጻፈ በብዙ ብራናዎች ላይ ይታያል።

ከዚህ እንደምንረዳው «ማን ጻፈው?» ከሚለው ጥያቄ ጎን «ማን አጻፈው?» የሚለው ጥያቄ ሁልጊዜ አብሮ ይኖራል። የነገሥታቱን ዜና መዋዕል የምናጠና ሁሉ ይህን እናውቃለን። የዜና መዋዕሉን ጸሐፊ የሚቀልበው ንጉሡ ስለ ነበረ፣ ጽሑፉ የሚያጎላውና የሚያልፈው ነገር ከዚህ ግንኙነት ተነጥሎ ሊተነተን አይችልም። የጋዜጣና የመጽሔት ዘመን ሲመጣ ጥያቄው መልኩን ለወጠ እንጂ አልጠፋም። መንግሥት፣ ፓርቲ፣ ባለሀብትና ማስታወቂያ አስነጋሪ ድርጅት በየተራ የአጻፊውን ቦታ ያዙ።

የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ከአራቱ ሰዎች አንዱ፣ ማለትም አንባቢው፣ የአጻፊውን ቦታ በያዘ ጊዜ በጽሑፍ ላይ ምን ለውጥ እንደሚመጣ በአንድ ታሪካዊ ምሳሌ መመርመር ነው። ምሳሌው እ.ኤ.አ. በ2008 በፓሪስ የተመሠረተው፣ ማስታወቂያ የማይቀበለው፣ በደንበኞች ክፍያ ብቻ የሚተዳደረው ሜዲያፓር የተባለው የኢንተርኔት የፖለቲካ ኅትመት ነው። በመጨረሻም ጉዳዩ ከአማርኛ የፖለቲካ ጽሑፍ ታሪክ ጋር የሚገናኝበትን ነጥብ በአጭሩ እንመለከታለን። የውጭ አገር ታሪክ ዓመታት በአውሮፓ አቆጣጠር፣ የአገራችን ደግሞ በኢትዮጵያ አቆጣጠር ቀርበዋል።

2. የቀደሙ አብነቶች

በአንባቢ ገንዘብ ብቻ መኖር ሜዲያፓር የፈጠረው አሠራር አይደለም። በዚያው በፈረንሳይ በ1915 የተመሠረተው ለ ካናር አንሼኔ የተባለው የሥላቅ ሳምንታዊ ጋዜጣ ማስታወቂያ ሳያትም ከሽያጭ በሚያገኘው ገቢ ኖሯል። የባለሥልጣናትን ገመና በመግለጥ የታወቀውም ይኸው ጋዜጣ ነው።

ለደንበኝነት አሠራር የበለጠ ቅርብ የሆነው አብነት ግን ከአሜሪካ የተገኘ ነው። አይ. ኤፍ. ስቶን የተባሉት ጋዜጠኛ ይሠሩበት የነበረው ዴይሊ ኮምፓስ የተባለ የኒው ዮርክ ጋዜጣ በ1952 መጨረሻ ሲዘጋ ሥራ አጥ ሆኑ። ዘመኑ ኮሚኒስቶችን ማደን የበረታበት፣ የግራ አመለካከት ያለውን ጋዜጠኛ ሌላ ጋዜጣ ለመቅጠር የሚፈራበት ጊዜ ነበር። ስቶን ከተዘጉ ጋዜጦች የተረፉትን የደንበኞች አድራሻ ዝርዝሮች አሰባስበው ደብዳቤ ላኩ። በጃንዋሪ 1953 የራሳቸውን ባለ አራት ገጽ ሳምንታዊ ጽሑፍ ሲጀምሩ 5,300 ያህል ደንበኞች ነበሯቸው። ከእነዚህ መካከል አልበርት አይንሽታይንና ኤሊኖር ሩዝቬልት ይገኙበታል። ዋጋው በዓመት 5 ዶላር ነበር፤ ጽሑፉ እስከ ቆመበት እስከ 1971 መጨረሻ ድረስም አልጨመረም። በዚያን ጊዜ የደንበኞቻቸው ቁጥር 70,000 ገደማ ደርሶ ነበር።

የስቶን አጻጻፍ ከኑሯቸው ጋር የተያያዘ ነበር። ባለሥልጣን አነጋግሮ ምሥጢር ማግኘት የማይችል፣ የመስማት ችግርም ያለበት ሰው ቁጭ ብሎ ሰነድ ማንበብ ነበረበት። የምክር ቤት ቃለ ጉባኤዎችን፣ የመሥሪያ ቤት ሪፖርቶችንና የጋዜጦችን የውስጥ ገጾች እያገናዘቡ መንግሥት በአንድ ቦታ የተናገረውን በሌላ ቦታ ከተናገረው ጋር ያጋጩ ነበር። ከዚህ ሁሉ የሚጠቀሰው የ1957ቱ የኔቫዳ የመሬት ውስጥ የአቶሚክ ፍንዳታ ጉዳይ ነው። የአሜሪካ የአቶሚክ ኃይል ኮሚሽን ንዝረቱ ከ200 ማይል በላይ ርቆ ሊታወቅ አልቻለም ብሎ ነበር። ስቶን የመሬት ንዝረት የሚመዘግበውን የመንግሥት መሥሪያ ቤት ጠይቀው ንዝረቱ እስከ አላስካ ድረስ መመዝገቡን አረጋገጡ፤ ኮሚሽኑም አሐዙን ወደ 2,300 ማይል ለማረም ተገደደ። ፍንዳታን ከሩቅ ማወቅ አይቻልም የሚለው መከራከሪያ የአቶሚክ ሙከራን በስምምነት ማገድን ለሚቃወሙ ወገኖች ዋነኛ ምርኩዝ ስለ ነበረ እርማቱ የቁጥር ጉዳይ ብቻ አልነበረም።

እዚህ ላይ ልብ ልንለው የሚገባ ነገር አለ። ስቶን ማንንም ደጅ ሳይጠኑ እንዲህ ያለ ጊዜ የሚወስድ ንባብ ሊያደርጉ የቻሉት የዓመቱን ዋጋ አስቀድመው የከፈሉ አንባቢዎች ስለ ነበሯቸው ነው። ገንዘቡ የገዛላቸው ነገር ጊዜ ነው።

3. ንባብ በነፃ በሆነበት ዘመን

ኢንተርኔት ሲስፋፋ ይህ አሠራር የሚቀጥል አይመስልም ነበር። በ1990ዎቹና በ2000ዎቹ መጀመሪያ በአሳታሚዎች ዘንድ የሰፈነው እምነት በኮምፒዩተር የሚነበብ ጽሑፍ በነፃ መሰጠት አለበት፣ ብዙ አንባቢ ሲሰበሰብም የማስታወቂያ ገቢ ወጪውን ይሸፍናል የሚል ነበር።

የተሞከሩት ተቃራኒ መንገዶችም እምነቱን ያጠናከሩ መሰሉ። ማይክሮሶፍት በ1996 ያቋቋመው ስሌት የተባለ የፖለቲካና የባህል መጽሔት በማርች 1998 በዓመት 19 ዶላር ከ95 ሳንቲም ማስከፈል ጀምሮ፣ አንድ ዓመት ሳይሞላው በፌብሩዋሪ 1999 ክፍያውን አነሣ። ታላቁ ኒው ዮርክ ታይምስ ሳይቀር የዓምደኞቹን ጽሑፎች በክፍያ ብቻ ለማስነበብ በ2005 የጀመረውን አሠራር በሴፕቴምበር 2007 ትቶታል። ሜዲያፓር ለመወለድ በተሰናዳባቸው ወራት የሙያው ፍርድ የተሰጠ ይመስል ነበር፤ ፖለቲካን በኢንተርኔት ለማንበብ ገንዘብ የሚከፍል ሰው የለም የሚል ፍርድ።

በፈረንሳይ የታተሙት ጋዜጦች ይዞታ ደግሞ ሌላ ችግር ነበረበት። በ2004 የለ ፊጋሮ አሳታሚ በጦር አውሮፕላን ሠሪው በዳሶ ቤተሰብ እጅ ገባ። በ2005 ከግራው ክንፍ የሚመደበው ሊቤራስዮን የባንክ ባለቤት የሆኑትን የኤድዋር ደ ሮትሺልድን ገንዘብ ተቀበለ። በ2007 ሌዜኮ የተባለው የኢኮኖሚ ጋዜጣ የቅንጦት ዕቃዎች ንግድ ባለቤት ለሆኑት ለበርናር አርኖ ኩባንያ ተሸጠ። በ1944 የተመሠረተው፣ ጋዜጠኞቹ በባለቤትነቱ ድርሻ የነበራቸው ለ ሞንድም በዕዳ ተይዞ በ2010 ለሦስት ባለሀብቶች ተላለፈ። በብራናዎቻችን ላይ እንዳየነው፣ የቀድሞው ስም እየተፋቀ የአዲስ አጻፊ ስም የሚተካበት ዘመን ነበር። የእነዚህ ባለሀብቶች ዋና ሥራ ጋዜጣ አልነበረም። ከመንግሥት ጋር የሚዋዋሉ፣ የመንግሥትን ፈቃድና ግዢ የሚፈልጉ ሰዎች በመሆናቸው፣ ጋዜጣው ስለ መንግሥት በሚጽፈው ላይ ጥርጣሬ ማሳደሩ አልቀረም።

4. የሜዲያፓር መመሥረት

ኤድዊ ፕሌኔል ከ1996 እስከ 2004 የለ ሞንድ የዝግጅት ክፍል ኃላፊ ነበሩ። በ1980ዎቹ ስለ መንግሥት ምሥጢራዊ ሥራዎች ይጽፉ በነበረበት ጊዜ ስልካቸው በፕሬዚዳንቱ ጽሕፈት ቤት ሥር በነበረ ቡድን ተጠልፎ እንደ ነበር በኋላ በፍርድ ቤት የተረጋገጠ ጉዳይ ነው። ከጋዜጣው ከወጡ በኋላ ከፍራንሷ ቦኔ፣ ከሎራን ሞዱዊ፣ ከዤራር ዴፖርትና የአስተዳደሩን ሥራ ከመሩት ከማሪ-ኤሌን ስሚዬዣን ጋር ሆነው አዲስ ኅትመት ለማቋቋም ተነሡ። መሥራቾቹ የራሳቸውን ገንዘብ አዋጡ፤ ወዳጆችና ጥቂት ባለሀብቶችም ጨመሩበት። ሐሳቡን በ2007 መጨረሻ ለሕዝብ አሳውቀው፣ ሃያ አምስት ያህል ጋዜጠኞች ይዘው ማርች 16 ቀን 2008 ሥራ ጀመሩ።

የአሠራሩ መሠረት ሦስት ነበር። አንደኛ፣ ምንም ዓይነት ማስታወቂያ አይቀበልም። ሁለተኛ፣ ዋጋው በወር 9 ዩሮ ሆኖ ሙሉውን ጽሑፍ የሚያነበው የከፈለ ብቻ ነው። ሦስተኛ፣ ደንበኛው በራሱ ስም የሚጽፍበት ክፍል ይኖረዋል፤ ጋዜጠኞቹ የሚያዘጋጁት ክፍልና አንባቢዎች የሚጽፉበት ክፍል ተለይተው ጎን ለጎን ይቀመጣሉ።

ጅማሬው አልጋ በአልጋ አልነበረም። በመጀመሪያዎቹ ሁለት ዓመታት የደንበኞች ቁጥር የሚያድገው በዝግታ ነበር፤ ወጪው ከገቢው ይበልጥ ስለ ነበረም መነሻው ገንዘብ እየተበላ ሄደ። ገቢና ወጪው የተመጣጠነው በ2010 መጨረሻ ሲሆን ትርፍ የታየው በ2011 ነው። በእነዚህ መካከል የተፈጠረው ነገር የደንበኝነት አሠራርን ባሕርይ በሚገባ ያሳየናል።

5. ሦስት ፈተናዎች

የመጀመሪያው ፈተና በጁን 2010 የተነሣው የቤታንኩር ጉዳይ ነው። የሎሬያል የመዋቢያ ዕቃዎች ኩባንያ ወራሽ የነበሩት ሊሊያን ቤታንኩር በቤታቸው ያደረጓቸው ንግግሮች በድብቅ ተቀድተው ነበር። ሜዲያፓር ከቅጂዎቹ መካከል የሕዝብ ጉዳይ ናቸው ያላቸውን መርጦ አወጣ። ጽሑፎቹ ከግብር ስወራ፣ ከፖለቲካ ድጎማና በወቅቱ የሥራ ሚኒስትር ከነበሩት ከኤሪክ ቮርት ጋር የተያያዙ ጥያቄዎችን አስነሡ። የገዥው ፓርቲ መሪዎች የኅትመቱን ዘዴ ከፋሺስት ዘዴ ጋር እስከ ማመሳሰል ደረሱ። የደንበኞቹ ቁጥር በዚያው ሰሞን በብዙ ሺዎች ጨመረ።

ታሪኩን እዚህ ላይ ማቆም ግን ሚዛናዊ አይሆንም። ቮርት በ2015 በቦርዶ ፍርድ ቤት ነፃ ተብለዋል። በሌላ በኩል የቬርሳይ ይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤት በጁላይ 2013 የግል ሕይወትን መብት መሠረት አድርጎ ቅጂዎቹና ከእነሱ የተጠቀሱት ቃላት ሁሉ እንዲነሡ ስላዘዘ፣ ሜዲያፓር በርካታ ጽሑፎችን ከገጹ አወረደ። ጉዳዩ እስከ አውሮፓ የሰብአዊ መብቶች ፍርድ ቤት ሄዶ፣ ፍርድ ቤቱ በጃንዋሪ 2021 የፈረንሳይ ፍርድ ቤቶች ትእዛዝ ሐሳብን የመግለጽ ነፃነትን አልጣሰም ሲል ወሰነ። ስለዚህ ከባለሀብትና ከማስታወቂያ ነፃ መሆን ከሕግ በላይ መሆን አይደለም፤ አንባቢ ያጻፈው ጽሑፍም በዳኛ ፊት ይቆማል።

ሁለተኛው ፈተና የዤሮም ካዩዛክ ጉዳይ ነው። ካዩዛክ የበጀት ሚኒስትር፣ የግብር ስወራን የመዋጋት ኃላፊነት የተጣለባቸው ባለሥልጣን ነበሩ። ሜዲያፓር ዲሴምበር 4 ቀን 2012 ሚኒስትሩ በስዊዘርላንድ ያልተገለጠ የባንክ ሒሳብ እንደ ነበራቸው ጻፈ። ሚኒስትሩ በማግሥቱ በብሔራዊው ምክር ቤት ፊት ቆመው አስተባበሉ። ከዚያ በኋላ ያሉት ወራት ለኅትመቱ አስቸጋሪ ነበሩ። ሌሎች ጋዜጦች ማስረጃው የታለ እያሉ ይጠይቁ ነበር፤ ሜዲያፓር ግን ጉዳዩን ሳይለቅ ቀጠለ። የፍርድ ምርመራ ተከፍቶ ካዩዛክ በማርች 19 ቀን 2013 ከሥልጣን ወረዱ፤ በኤፕሪል 2 ቀን ሒሳቡ የእሳቸው መሆኑን አመኑ። በኋላም ተፈርዶባቸዋል። በዚያው ዓመት የባለሥልጣናትን ሀብት ማስመዝገብ የሚያጠብቁ ሕጎች ወጡ፤ ከባድ የገንዘብ ወንጀሎችን የሚከታተል ልዩ የዐቃቤ ሕግ መሥሪያ ቤትም ተቋቋመ።

ሦስተኛው ፈተና የግብር ጉዳይ ነው። በፈረንሳይ የታተመ ጋዜጣ የሚከፍለው የተጨማሪ እሴት ታክስ 2.1 በመቶ ሲሆን፣ በኢንተርኔት የሚነበብ ጋዜጣ ግን 19.6 በመቶ ይጠየቅ ነበር። ሜዲያፓር ጽሑፍ በወረቀትም ሆነ በመስታወት ላይ ቢነበብ ያው ጽሑፍ ነው በማለት 2.1 በመቶውን ብቻ ከፈለ። የግብር መሥሪያ ቤቱ በ2013 መጨረሻ ምርመራ ጀመረ። በፌብሩዋሪ 2014 የወጣ ሕግ ሁለቱን እኩል ቢያደርግም ያለፈውን ዕዳ አልሰረዘም፤ ኅትመቱ ከቅጣቱ ጋር ከ4 ሚሊዮን ዩሮ በላይ ተጠየቀ። ዕዳውን ለመክፈል አንባቢዎች ከደንበኝነታቸው በላይ አዋጡ። አጻፊ ማለት ቀለብ የሚሰፍር ብቻ ሳይሆን በችግር ጊዜም የሚደርስ መሆኑ በዚህ ታየ።

6. በጽሑፉ ቅርጽ ላይ የታየው ለውጥ

እስካሁን ያየነው የተቋሙን ታሪክ ነው። ለሥነ ጽሑፍ አጥኚ የበለጠ የሚያሳስበው ግን የጽሑፉ ቅርጽ ነው። የማስታወቂያ ገቢ የሚለካው ገጹን በከፈተው ሰው ብዛት በመሆኑ ርእሱ የሚያጓጓ፣ ጽሑፉ አጭር፣ ጉዳዩም በየሰዓቱ የሚቀያየር እንዲሆን ይገፋል። የደንበኛ ገቢ ግን የሚለካው ሰውየው በሚቀጥለው ወር በመቅረቱ ወይም ባለመቅረቱ ነው። ሜዲያፓር በጅማሬው በየደቂቃው ዜና ከማከታተል ይልቅ በቀን ሦስት ጊዜ ብቻ የሚወጣ ዝግጅት አዘጋጅቶ ረጃጅም ጽሑፎችን አቀረበ። የምርመራ ዘገባዎቹም አንድ ጊዜ ተጽፈው የሚያልቁ ሳይሆኑ ለወራት በተከታታይ የሚወጡ ሆኑ። የካዩዛክን ጉዳይ ከዲሴምበር እስከ ኤፕሪል የተከታተለ አንባቢ እንደ ተከታታይ ልብ ወለድ አንባቢ የቀደመውን ክፍል አስታውሶ የሚቀጥለውን የሚጠብቅ ነበር። ሌላው ዓለም ማስረጃ እያለ ሲጠይቅ ጸሐፊዎቹ እንዲታገሡ ያስቻላቸው ይህ ጠባቂ አንባቢ ነው።

ሌላው ትኩረት የሚስበው «ጥቁር ሣጥን» ብለው የሚጠሩት ክፍል ነው። ከብዙዎቹ ጽሑፎች ግርጌ ጽሑፉ እንዴት እንደ ተዘጋጀ የሚያስረዳ አጭር ማስታወሻ ይቀመጣል፤ ጋዜጠኛው ማንን እንዳነጋገረ፣ ማን መልስ ለመስጠት ፈቃደኛ እንዳልሆነ፣ መቼ እንደ ተጠየቀ ይገልጻል። ይህ ማስታወሻ በብራና መጽሐፍ መደምደሚያ ላይ ጸሐፊው መጽሐፉ የትና መቼ፣ በማን ትእዛዝ እንደ ተጻፈ የሚገልጽበትን አንቀጽ ያስታውሳል። በሁለቱም ጽሑፉ ስለ ራሱ አሠራር ለአጻፊው ያስረዳል። ልዩነቱ በአንዱ የሚነገረው ለአንድ መኰንን ወይም ገዳም ሲሆን በሌላው ለማይታወቁ ብዙዎች መሆኑ ነው። ዋጋውን የከፈለ ሰው ሥራው እንዴት እንደ ተሠራ የማወቅ መብት አለው የሚለው ሐሳብ የአጻጻፍ ዘዴ ሆኖ ወጣ ማለት ነው።

7. የአዲሱ አጻፊ አደጋዎች

ይህ ሁሉ ሲባል አንባቢ አጻፊ መሆኑ ችግር የለበትም ማለት አይደለም። ለንጉሡ የሚጽፍ ንጉሡን ማወደስ እንደሚቀናው፣ ለደንበኛ የሚጽፍም ደንበኛውን ማስደሰት ሊቀናው ይችላል። ደንበኞች ብዙውን ጊዜ አንድ ዓይነት የፖለቲካ ዝንባሌ ያላቸው ሰዎች ስለሚሆኑ፣ የሚያምኑትን መልሶ የሚነግራቸውን ጽሑፍ መምረጣቸው አይቀርም። ሜዲያፓርም የግራው ወገን ልሳን ነው የሚል ወቀሳ ደጋግሞ ይቀርብበታል። ለዚህ ወቀሳ ሊጠቀስ የሚችለው አንዱ መልስ ካዩዛክ የሶሻሊስት መንግሥት ሚኒስትር መሆናቸው ነው። ይህ መልስ ለአንድ ጉዳይ ይበቃል፤ አደጋውን ግን ለሁልጊዜው አያስወግደውም።

ሁለተኛው አደጋ መክፈል የማይችለው ሰው ነው። በክፍያ በር የተዘጋ ጽሑፍ ስለ ሕዝብ ጉዳይ እየጻፈ ሕዝቡን ከደጅ ሊያስቀር ይችላል። ሦስተኛው ደግሞ አሠራሩ በየቦታው የማይሰምር መሆኑ ነው። በኔዘርላንድስ ደ ኮረስፖንደንት የተባለው ኅትመት በ2013 ገና ሳይጀመር በስምንት ቀን ውስጥ 15,000 ያህል ሰዎች እያንዳንዳቸው 60 ዩሮ ከፍለውለት ተነሥቷል። በ2019 በእንግሊዝኛ ለዓለም አንባቢ የከፈተው እኅት ኅትመት ግን ከአንድ ዓመት ከጥቂት ወራት በኋላ ተዘግቷል። በአንድ አገርና በአንድ ቋንቋ የተሰባሰበ አንባቢ ስለ ጋራ ጉዳዩ ይከፍላል፤ አገር የለሽ አንባቢን ማሰባሰብ ግን እጅግ ከባድ ሆኖ ተገኘ።

ሜዲያፓር በበኩሉ የባለቤትነትን ነገር ለመቋጨት በ2019 ሌላ እርምጃ ወሰደ። መሥራቾቹ አክሲዮናቸውን ትርፍ ለማይከፋፈልና ኅትመቱን መሸጥ ለማይችል ድርጅት አስተላለፉ። በምሳሌያችን ብንናገር፣ ከእንግዲህ ማንም ስም ፍቆ የራሱን ስም እንዳይጽፍበት አደረጉ ማለት ነው። በ2020 የደንበኞቹ ቁጥር ከ200,000 አልፎ ነበር። ፕሌኔልም በማርች 2024 ኃላፊነታቸውን ለካሪን ፉቶ አስረክበው፣ ኅትመቱ ከመሥራቹ ወደ ቀጣዩ ትውልድ ተሻገረ።

8. የአማርኛ የፖለቲካ ጽሑፍና አንባቢው

በአገራችን የጋዜጣ ታሪክ የአጻፊው ቦታ ለረጅም ጊዜ የመንግሥት ነበር። በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን የወጣው አእምሮ፣ በ1917 ዓ.ም. የተጀመረው ብርሃንና ሰላም፣ በ1933 ዓ.ም. የተመሠረተው አዲስ ዘመን ሁሉም በቤተ መንግሥቱ ወይም በመንግሥቱ ጥላ ሥር ያደጉ ናቸው። በ1985 ዓ.ም. የፕሬስ ነፃነት አዋጅ ቁጥር 34 ከወጣ በኋላ ግን በርካታ የግል ጋዜጦችና መጽሔቶች በአንባቢ ሳንቲም ብቻ ለመኖር ሞክረዋል። ማስታወቂያ የሚሰጣቸው ጥቂት ስለ ነበረ የገቢያቸው ዋና ምንጭ አዟሪዎች በየመንገዱ የሚሸጡት ቅጂ ነበር።

ይሁን እንጂ ይህ አንባቢ ገዢ እንጂ አጻፊ አልነበረም ቢባል ስሕተት አይሆንም። ቅጂ በየሳምንቱ የሚገዛ ሰው በየሳምንቱ አዲስ ውሳኔ ይወስናል፤ ስለሆነም የፊት ገጹ ርእስ ከመንገድ ላይ እንዲጠራው መጮኽ አለበት። የዘመኑን የግል ጋዜጦች ርእሶች ማጋነን ከጸሐፊዎቹ ጠባይ ብቻ የመነጨ አድርገው የሚተቹ አሉ። የአሻሻጡን ሥርዓት ከግምት ያላስገባ ትችት ግን ግማሽ ትችት ነው። በዚያ ላይ በአራት ኪሎና በሌሎችም የአዲስ አበባ አካባቢዎች ጋዜጣ ማከራየት የተለመደ ሥራ ነበር። አንባቢው ለጥቂት ሳንቲም ተከራይቶ ድንጋይ ላይ ቁጭ ብሎ አንብቦ ይመልሳል። አንድ ቅጂ በብዙ ሰዎች እጅ ያልፋል። ይህ ልማድ ሁለት ነገር ይነግረናል። አማርኛ አንባቢ ለፖለቲካ ጽሑፍ ከሌለው ላይ ቀንሶ የሚከፍል መሆኑን፤ የከፈለው ገንዘብ ግን ከአከራዩ አልፎ ወደ ጸሐፊው የማይደርስ መሆኑን።

የማተሚያ ቤቱም ጉዳይ ነበር። አብዛኞቹ ጋዜጦች የሚታተሙት የመንግሥት በሆነው በብርሃንና ሰላም ማተሚያ ድርጅት ስለ ነበረ፣ ገንዘቡን አንባቢ ቢከፍልም የማተሚያው በር ቁልፍ በሌላ እጅ ነበር። በ2004 ዓ.ም. ድርጅቱ ለአሳታሚዎች ያቀረበው ውል ሕግ ይጥሳል ብሎ ያመነበትን ጽሑፍ አላትምም ለማለት የሚያስችለው ነበር። ኢንተርኔት ይህን በር ያለፈ ቢመስልም ድረ ገጾች ለዓመታት ታግደው ኖረዋል፤ በ2010 ዓ.ም. 264 ድረ ገጾችና የቴሌቪዥን ጣቢያዎች ከእገዳ መለቀቃቸው የእገዳውን ስፋት ያሳያል። በውጭ አገር ያሉ ኢትዮጵያውያንም በ2002 ዓ.ም. እንደ ተጀመረው እንደ ኢሳት ያሉ የብዙኃን መገናኛዎችን በመዋጮ ደግፈዋል። መዋጮና ደንበኝነት ግን አንድ አይደሉም። የሚያዋጣ ሰው የሚከፍለው ለዓላማው ነው፤ ዓላማው ከተሳካ ወይም ከከሸፈ መዋጮው ይቆማል። ደንበኛ የሚከፍለው ለጽሑፉ ነው፤ ስለዚህ ጽሑፉ የራሱን ወገን ሲተችም መክፈሉን መቀጠል ይጠበቅበታል።

ከግንቦት 2013 ዓ.ም. ጀምሮ ቴሌብር በሥራ ላይ በመዋሉ ትንሽ ገንዘብ በየወሩ ከአንባቢ ወደ አሳታሚ ማድረስ ቀደም ሲል እንደ ነበረው አስቸጋሪ አይደለም። የሚቀረው ከባዱ ነገር የቴክኒክ አይደለም። ደንበኝነት ስም መስጠትን ይጠይቃል። ጋዜጣ ተከራይቶ ያነበበ ሰው ስሙን ማንም አያውቅም፤ ደንበኛ ግን በመዝገብ ላይ የተጻፈ ሰው ነው። ለፖለቲካ ጽሑፍ ስምን ማስመዝገብ ዋጋ ሊያስከፍል በሚችልበት ሁኔታ፣ አንባቢ በግልጽ አጻፊ ለመሆን ሕግ እንዲጠብቀውና አሳታሚው መዝገቡን እንዲጠብቅለት ይፈልጋል። ይህ ካልተሟላ የአንባቢን ቸልተኝነት መውቀስ ፍርደ ገምድልነት ነው።

9. ማጠቃለያ

የሜዲያፓር ታሪክ በዋናነት ሦስት ነገሮችን ያስተምራል። አንባቢ ለፖለቲካ ጽሑፍ አይከፍልም የሚለው የዘመኑ ፍርድ የተሳሳተ እንደ ነበረ፤ አስቀድሞ የተከፈለ የአንባቢ ገንዘብ ለጸሐፊው ጊዜን፣ ለጽሑፉም ርዝመትን፣ ተከታታይነትንና ስለ ራሱ አሠራር የማስረዳት ግዴታን እንደሚሰጥ፤ ይህ አዲስ አጻፊ እንደ ቀድሞዎቹ አጻፊዎች ሁሉ የሚወደስና የሚታለል ሊሆን እንደሚችል።

የአማርኛን የጋዜጣና የመጽሔት ጽሑፍ የሚያጠኑ ተማሪዎች እስካሁን ያተኮሩት በአብዛኛው በጸሐፊውና በይዘቱ ላይ ነው። የእያንዳንዱ ኅትመት ዋጋ ስንት ነበር፣ ለማን ይከፈል ነበር፣ ማን አተመው፣ ስንት ሰው በአንድ ቅጂ አነበበ የሚሉት ጥያቄዎች የታሪክ ክፍል ወይም የንግድ ትምህርት ጉዳይ ተደርገው ተትተዋል። የ1980ዎቹና የ1990ዎቹ ዓ.ም. ጋዜጦች አዟሪዎች፣ አከራዮችና አንባቢዎች ዛሬም በሕይወት ያሉ፣ ሊጠየቁ የሚችሉ ሰዎች ናቸው። ቃላቸው ሳይመዘገብ ካለፉ ግን የዚያ ዘመን ጽሑፍ አጻፊው ማን እንደ ነበረ የሚነግረን መደምደሚያ አንቀጽ ሳይኖረው ይቀራል። ይህ ጽሑፍ ያንን መዝገብ የሚጀምር አንድ አጥኚ ካነሣሣ ዓላማውን መትቷል ለማለት ይቻላል።